ሲሶ

አባቴ ጥጋቡ፣ የቀጥቃጭ ልጅ፣
ዕድሜውን የገፋ በሰው ርስት ደጅ፣
ካጨደው እህል ላይ ሲሶ እየሰፈረ
ለባለ መሬቱ ሲያስረክብ የኖረ፣
በስልሳ ዓመቱ እዚህ፣ ቂርያት ጋት መጥቶ፣
ስሙ ወረቀት ላይ፣ ማኅተም ተመትቶ፣
ስልሳ ስምንት ካሬ፣ ሦስተኛው ደርብ ላይ፣
«ይኸው ርስት!» አለ፣ ግድግዳውን ሲያይ።
በመዳፉ መታው፣ ደጋግሞ መታው፣
ብረት እንደሚፈትሽ፣ ድምፁን ሊሰማው።

ሲሞት ኑዛዜ የለ፣ ብጣሽ ወረቀት።
ገና ሳንነሣ ከሰባቱ ቀን ለቅሶ ቤት
«ይሸጥ» አለ ታከለ፣ ታላቄ፣ ከነታንያ መጥቶ፤
«ሕጉ ሲሶ ይለኛል» — ከደረቱ ወረቀት አውጥቶ።
ናታን፣ በእናት ጀርባ ታዝሎ የመጣው ትንሹ፣
ስልኩን እየነካ «በሴደር» ነው መልሱ።
እኔ፣ ብርቄ፣ ዘጠኝ ዓመት ጥፍሩን የቆረጥኩት፣
የመድኃኒቱን ፍሬ በየማታው የቆጠርኩት፣
«በሕግ አምላክ!» አልኩኝ፣ በሩን ተደግፌ፣
«ማን ሊያስወጣኝ ነው ከገዛ ደጃፌ?»

ጠበቃ ያዘ እሱ። ጠበቃ ያዝኩኝ።
«የሟች ወራሽ፣ ቁጥር ሁለት» ተባልኩኝ።
ብርቄ ያለኝ አባት ደብዳቤውን ቢያይልኝ
ቁጥር ሆኜ ሲያገኝ «ልጄ ናት» አይለኝ።
(ለእውነቱ ከሆነ፣ የቤቱ ዕዳ ሲከፈል
ሌሊት መኪና እየነዳ የላከው እሱ ነው ሸቀል።
ያኔ ግን ይህን አላልኩም።)

አባ ይርጋ ጠሩን፣ ሽማግሌ ሆነው።
«ማን ቤት እንቀመጥ?» ሁሉም ቤት ወገን ነው።
ስለዚህ ወረድን፣ ሳይረን ሲጮኽ ወደምንሮጥበት፣
የተሰበረ ብስክሌት፣ አሮጌ ፍራሽ ያለበት፣
ሰማያዊ የብረት በር ወዳለው መጠለያ፤
የሮኬት መሸሻ፣ የእኛ መታረቂያ።

አባ ይርጋ ዝም አሉ፣ ከዘራቸውን ጭነው።
«ናታን» አሉ፣ «ልጄ፣ ሲሶ ማለት ምን ነው?»
አላወቀም።
«ከሦስት አንድ» አለ ታከለ ፈጥኖ፣ «ድርሻዬ ነው።»
«አንተን አልጠየቅሁም።
ናታን፣ አባትህ መኸሩን በቁና ሰፍሮ፣
ሲሶውን በጀርባው፣ ወገቡን አሥሮ፣
ዳገቱን ወጥቶ ነው ጎተራ የሚያስገባው፤
አንበጣ በበላም ዓመት የቀነሰለት ማን ነው?
ዛሬ ሕጉ ለያንዳንዳችሁ ሲሶ ሰጥቷችኋል፤
ታዲያ የማንን ጎተራ ልትሞሉ ተነሥታችኋል?»

ናታን ስልኩን አወጣ፤ ይሄን ጊዜ ሊቆጥር፦
የሦስት ጠበቃ ዋጋ፣ የገማቹ፣ የግብር፣
ፍርድ ቤት አስገድዶ ሲሸጥ የሚወርደው ዋጋ…
ጣቱ ቆመ። በዕብራይስጥ አነበበ፣ ሳይረጋጋ።
ታከለ ወደ አማርኛ መለሰው፣ ሳይወድ በግዱ፦
«ሊሄድብን ያለው… ከሦስት አንዱ።»

ከዚያ ወዲያ ያለው ቶሎ አለቀ ልበል?
አልዋሽም። ግማሽ ሰዓት ፈጀን በፍሪጅ ስንባባል።
«እኔ ነኝ የገዛሁት!» «ደረሰኙስ የታል?»
አባ ይርጋ እንቅልፍ የወሰዳቸው ይመስል አንገታቸው ዘንበል።

በመጨረሻ ጻፍን፦ ልጄ ውትድርናዋን ጨርሳ እስክትመለስ
ቤቱ ከእኔ ጋር ይቆይ፣ ሳይሸጥ፣ ሳይፈርስ፤
ለታከለ በየወሩ ዘጠኝ መቶ ሸቀል፤
ናታን ለድርሻው ይጠብቃል፣ ወለድ ሳይቀበል።
ፍሪጁ ወደ ነታንያ። የቆመው የአባዬ ሰዓት ለናታን።
ፍርድ ቤቱ ማኅተም ሊመታ «ተስማምታችኋል?» ቢለን
«ኬን» አልን፣ ሦስታችን፣ በየድምፃችን።

ቅር አላለኝም አልልም። የዘጠኝ ዓመት ሌሊቱን
ማንም በወረቀቱ አልጻፈልኝም ስሌቱን።

ፍሪጁ የነበረበት ወለሉ ነጭ ነው ዛሬም፤
አንድ ካሬ አይሞላ፤ ዕቃ አላስቀመጥኩበትም።
ለስግድ ታከለ መጣ። እዚያው ነጩ ላይ ቆመ።
መዳፉን አነሣና ግድግዳውን መታ።
ደግሞ መታ።
ናታን ከበሩ ሆኖ «ምንድን ነው?» አለን፤
ሁለታችንም ዝም አልን፣ ድምፁን እየሰማን።